ሳይነገር የተጫነው ማሻሻያ፦ የአይፎን 6ኤስ ባትሪ ጉዳይ ጥናት

በ2016 የመጨረሻ ወራት (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታትና ወራት ሁሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው) የአይፎን 6 እና የአይፎን 6ኤስ ባለቤቶች ከየአገሩ አንድ ዓይነት አቤቱታ ማሰማት ጀመሩ። ስልኩ 30 በመቶ፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ቻርጅ እንዳለው እያሳየ፣ ባለቤቱ ካሜራ ሲከፍት ወይም ከበድ ያለ መተግበሪያ ሲያስነሣ ድርግም ብሎ ይጠፋል። ቻርጀር ላይ ሲሰካ ወዲያው ይነሣል፤ ሲነሣም ቀድሞ ያሳይ የነበረውን ቁጥር መልሶ ያሳያል። ቻርጁ በእርግጥ አልቆ ቢሆን ኖሮ የሚታየው 1 ወይም 2 በመቶ በሆነ ነበርና፣ ነገሩ የተለመደው የባትሪ ማለቅ እንዳልሆነ ለባለቤቶቹ ግልጽ ነበር። በብርዳማ ጠዋት ችግሩ ይብስ ነበር፤ ስልኩ ሲሞቅ ደግሞ ይሻለዋል።

በዚያው ዓመት ኖቬምበር የቻይና የሸማቾች ማኅበር አፕል ጉዳዩን እንዲመረምር በይፋ ጠየቀ። ኩባንያው በሴፕቴምበርና በኦክቶበር 2015 የተመረቱ ጥቂት አይፎን 6ኤስ ስልኮች ይህ ችግር እንዳለባቸው አምኖ ባትሪያቸውን በነፃ መቀየር ጀመረ። ምክንያቱን ሲያስረዳም የባትሪው ክፍሎች ከመገጣጠማቸው በፊት ከሚገባው ጊዜ በላይ ለፋብሪካው አየር ተጋልጠው እንደነበር ገለጸ። ማብራሪያው ለተጠቀሱት ስልኮች በቂ ነበር። ነገር ግን አቤቱታው በእነዚያ ሁለት ወራት ካልተመረቱ ስልኮችና ከአይፎን 6 ባለቤቶችም ጭምር ይመጣ ነበር። የእነዚህ ስልኮች ችግር የፋብሪካ ጉድለት ሳይሆን የባትሪ እርጅና ነበር።

ይህን ጉዳይ ለጥናት የመረጥኩት በየቀኑ ለምንሰማው ምሬት ቀጥተኛ መልስ ስላለው ነው። ስልኩ እስከ ማታ አላደርስ ያለው ሰው የሚሰጠው ምክር አብዛኛውን ጊዜ ስለ ስክሪን ብርሃን፣ ስለ ሎኬሽን፣ ስለ ዋይፋይና ከኋላ ሆነው ስለሚሠሩ መተግበሪያዎች ነው። ምክሩ ትክክል ነው፤ ጤነኛ ባትሪ ያለው ስልክ በእነዚህ ጥንቃቄዎች ሰዓታት ሊጨምር ይችላል። ባትሪው ራሱ ሲደክም ግን ጥንቃቄው ሁሉ ቦታውን የሳተ ድካም ይሆናል። በአይፎን 6ኤስ ጉዳይ አምራቹ ይህን ያውቅ ነበር፣ ባለቤቱ ግን አያውቅም ነበር፤ በሁለቱ መካከል የነበረው የዕውቀት ልዩነት በመጨረሻ በመቶ ሚሊዮኖች የሚቆጠር ዶላር አስከፈለ።

ያረጀ ባትሪ ላይ የሚደርሰው

የሊቲየም አዮን ባትሪ ሲያረጅ ሁለት ለውጥ ይደርስበታል። የመጀመሪያውን ሁሉም ያውቀዋል፦ የሚይዘው የቻርጅ መጠን ይቀንሳል። አፕል የዚያን ዘመን የአይፎን ባትሪዎች ይሠራ የነበረው በተለመደ አጠቃቀም 500 ሙሉ የቻርጅ ዙር ካገለገሉ በኋላ ከመነሻ አቅማቸው እስከ 80 በመቶ ድረስ እንዲይዙ አድርጎ ነበር። ዙር የሚቆጠረው ቻርጀር በተሰካ ቁጥር ሳይሆን በድምሩ የአንድ ሙሉ ባትሪ ያህል ኃይል ሲወጣ ነው፤ ዛሬ ግማሹን፣ ነገም ግማሹን የተጠቀመ ሰው በሁለቱ ቀን አንድ ዙር ጨርሷል። በየቀኑ ባትሪውን የሚጨርስ ሰው 500 ላይ የሚደርሰው ከአንድ ዓመት ከመንፈቅ በማይበልጥ ጊዜ ነው። የአይፎን 6ኤስ ባትሪ ደግሞ ከጅምሩም ትንሽ ነበር። የሚይዘው 1,715 ሚሊ አምፒር አወር (የባትሪ አቅም መለኪያ) ብቻ ሲሆን፣ ከእሱ አንድ ዓመት ቀድሞ የወጣው አይፎን 6 እንኳ 1,810 ነበረው፤ ዛሬ መካከለኛ ዋጋ ያላቸው ብዙ የአንድሮይድ ስልኮች 5,000 ይይዛሉ።

ሁለተኛው ለውጥ ብዙም አይወራለትም፤ ለዚህ ጉዳይ ግን ቁልፉ እሱ ነው። በባትሪው ውስጥ በኤሌክትሮዱ (የኤሌክትሪክ ፍሰቱ በሚገባበትና በሚወጣበት ክፍል) ገጽ ላይ ያለው ስስ ሽፋን ከጊዜ ወደ ጊዜ እየወፈረ ስለሚሄድ፣ የኤሌክትሪክ ፍሰቱ ከባትሪው ለመውጣት የሚገጥመው ውስጣዊ ተቃውሞ ይጨምራል። ጣሪያ ላይ ያለ ሮቶ ግማሽ ድረስ ውኃ እያለው፣ ወደ ቤት የሚያወርደው ቧንቧ በዝገት ከጠበበ፣ የወጥ ቤቱ ቧንቧ ብቻውን ሲከፈት ውኃው ይወርዳል፤ ሻወሩና የልብስ ማጠቢያው አብረው ሲከፈቱ ግን ግፊቱ ይሞታል። ውኃው አላለቀም፤ በአንድ ጊዜ በሚፈለገው መጠን መውረድ ነው ያቃተው። በስልኩም የሆነው ይኸው ነው። ካሜራ ሲከፈት ፕሮሰሰሩ፣ ስክሪኑና ካሜራው ራሱ በአንድ ቅጽበት ብዙ ፍሰት ይጠይቃሉ፤ ውስጣዊ ተቃውሞው በከበደበት ባትሪ ይህ ድንገተኛ ፍላጎት ቮልቴጁን ወደ ታች ይጥለዋል፤ ቮልቴጁ ፕሮሰሰሩ ከሚፈልገው ዝቅተኛ መጠን በታች ሲወርድ ስልኩ ክፍሎቹን ለመጠበቅ ራሱን ይዘጋል።

ብርድና የቻርጅ ማነስ ይህን ድክመት የሚያባብሱት በዚሁ ምክንያት ነው። ባትሪው ሲቀዘቅዝ ውስጣዊ ተቃውሞው ለጊዜው ከፍ ይላል፤ ቻርጁ ሲቀንስ ደግሞ መነሻ ቮልቴጁ ዝቅ ስለሚል ለመውደቅ ቅርብ ይሆናል። በስክሪኑ ጥግ የምናየው የመቶኛ ቁጥር ግን የሚነግረን ምን ያህል ቻርጅ እንደቀረ እንጂ ባትሪው ያንን ቻርጅ በሚፈለገው ፍጥነት ማውጣት መቻሉን አይደለም። ስለዚህ 30 በመቶ የሚለው ቁጥር ውሸት አልነበረም፤ ሙሉውን እውነት ግን አይናገርም ነበር።

የጃንዋሪ 2017 ማሻሻያ

አፕል ለዚህ ችግር የሰጠው መልስ አይኦኤስ 10.2.1 የተባለው የአይፎን ዋና ሶፍትዌር ማሻሻያ ነበር። ጃንዋሪ 23 ቀን 2017 ሲለቀቅ የተሰጠው መግለጫ ስለ ስህተት ማረምና ስለ ደኅንነት የሚናገር አጭር ጽሑፍ ነበር። ከአንድ ወር በኋላ ኩባንያው ማሻሻያው ድንገተኛ መዘጋትን በአይፎን 6ኤስ ከ80 በመቶ በላይ፣ በአይፎን 6 ደግሞ ከ70 በመቶ በላይ እንደቀነሰ ገለጸ። ቁጥሩ የሚያስደንቅ ነው፤ ሳይነገር የቀረው ይህ ውጤት እንዴት እንደተገኘ ነበር።

የተገኘው ፕሮሰሰሩ በአንድ ቅጽበት ሊጠይቅ የሚችለውን ከፍተኛ ኃይል በመገደብ ነው። ሶፍትዌሩ የባትሪውን ሙቀት፣ የቻርጅ መጠንና ውስጣዊ ተቃውሞ እየተመለከተ፣ ባትሪው አይችለውም ብሎ ሲገምት የፕሮሰሰሩን ፍጥነት ያወርዳል። ኩባንያው ዘግይቶ ባወጣው ዝርዝር እንዳመነው፣ የዚህ ገደብ ውጤት በባለቤቱ ዘንድ በብዙ መንገድ ይታይ ነበር፦ መተግበሪያዎች ለመከፈት ይዘገያሉ፣ ገጽ ሲጎተት ይቆራረጣል፣ የስክሪኑ ብርሃን ይደበዝዛል፣ የስፒከሩ ድምፅ ይቀንሳል፣ ከኋላ የተተዉ መተግበሪያዎች ሲመለሱባቸው ከእንደገና ይጫናሉ፤ በባሰባቸው ስልኮችም የካሜራው ፍላሽ አይሠራም። የስልክ ጥሪ ጥራት፣ የፎቶና የቪዲዮ ጥራት እንዲሁም ጂፒኤስ አይነኩም።

በምህንድስና ዓይን ካየነው ውሳኔው ትክክል ነበር ብዬ አምናለሁ። በመንገድ ላይ ሳለ ስልኩ ከሚጠፋበትና ቀስ እያለ ከሚሠራለት አንዱን እንዲመርጥ የተጠየቀ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ቀስ የሚለውን ይመርጣል፤ በተለይ ለታመመ ቤተሰብ የሚደውል ወይም ገንዘብ የሚልክ ሰው። ጥፋቱ ምርጫው ለባለቤቱ አለመቅረቡ ነው። ስልኩ መንቀርፈፍ የጀመረበት ሰው ምክንያቱን ሊገምት የሚችለው በሁለት መንገድ ብቻ ነበር፦ ወይ ስልኩ አርጅቷል፣ ወይ አዲሱ ማሻሻያ ከብዶታል። ሁለቱም ግምቶች የሚወስዱት ወደ አንድ መደምደሚያ ነው፤ እሱም አዲስ ስልክ መግዛት ነው። ከዋስትና ውጭ በ79 ዶላር ይሠራ የነበረው የባትሪ ቅያሬ ፍጥነቱን እንደሚመልስለት የሚያውቅበት ምንም መንገድ አልነበረም። መተግበሪያ ሲያጠፋ፣ ፎቶ ሲሰርዝ፣ ስልኩን ወደ ፋብሪካው መነሻ ሲመልስ የከረመው ሰው ሁሉ መፍትሔውን ሲፈልግ የነበረው በሌለበት ቦታ ነው።

የነጥቦቹ ግራፍ

እውነቱ የወጣው ከተጠቃሚዎች ወገን ነው። በዲሴምበር 2017 አንድ የአይፎን 6ኤስ ባለቤት ሬዲት በተባለው የውይይት ድረ ገጽ ላይ ስላጋጠመው ነገር ጻፈ። ስልኩ ተንቀራፎበት ስለነበር ባትሪውን አስቀየረ፤ ከመቀየሩ በፊትና በኋላም ጊክቤንች በተባለው መተግበሪያ ፍጥነቱን ለካ። በአሮጌው ባትሪ ያገኘው ነጥብ በአንድ ኮር (ከፕሮሰሰሩ ሁለት ማስሊያ ክፍሎች በአንዱ) 1,466፣ በሁለቱም ኮሮች 2,512 ነበር፤ በአዲሱ ባትሪ 2,526 እና 4,456 ሆነ። የተቀየረው ባትሪ ብቻ ሆኖ ሳለ የፕሮሰሰሩ ፍጥነት ወደ እጥፍ ተጠጋ።

የአንድ ሰው ልኬት ለብቻው ማስረጃ አይሆንም። ጊክቤንችን የሠራው የካናዳው ፕራይሜት ላብስ ግን ከመላው ዓለም የተሰበሰቡ ልኬቶች በእጁ ነበሩ፤ የድርጅቱ መሥራች ጆን ፑልም ዲሴምበር 18 ላይ እነዚህን በግራፍ አወጣቸው። ግራፎቹን ቀረብ ብሎ ማየት ይገባል፤ ጉዳዩ ከጥርጣሬ ወደ ማስረጃ የተሸጋገረው በእነሱ ነውና። በአግዳሚው መስመር የፍጥነት ነጥብ፣ በቋሚው ደግሞ ነጥቡ የተገኘበት ድግግሞሽ ተቀምጧል። አይኦኤስ 10.2 የጫኑት የአይፎን 6ኤስ ልኬቶች የሚሠሩት አንድ ቀጥ ያለ ጉብታ ነው፤ ከሞላ ጎደል ሁሉም ስልኮች ተመሳሳይ ነጥብ አግኝተዋል። በ10.2.1 ግን ከዋናው ጉብታ በስተግራ፣ ዝቅ ባሉ ነጥቦች ላይ፣ ቀድሞ ያልነበሩ ሌሎች ትናንሽ ጉብታዎች ብቅ ብቅ ብለዋል፤ በ11.2 እነዚህ ይበልጥ ጎልተዋል።

የጉብታዎቹ ቅርጽ ብዙ ይናገራል። ስልኮቹ የዘገዩት ከእርጅና ብቻ ቢሆን ኖሮ ነጥቦቹ ከላይ እስከ ታች ቀስ በቀስ ተበትነው በታዩ ነበር። ተለይተው የቆሙ ጉብታዎች የሚያመለክቱት አንድ ሶፍትዌር ስልኮቹን በተወሰኑ የፍጥነት ደረጃዎች ላይ እንዳቆማቸው ነው። የአይፎን 7 ግራፍ ይህን ያጠናክራል፤ እስከ አይኦኤስ 11.1.2 ድረስ ጤነኛ ሆኖ ቆይቶ፣ በ11.2 ልክ እንደ 6ኤስ ተከፋፈለ። ከማሻሻያው ቁጥር ጋር እንዲህ እግር በእግር የሚሄድ ለውጥ የአጋጣሚ ሊሆን አይችልም።

ከሁለት ቀን በኋላ፣ ዲሴምበር 20፣ አፕል ነገሩን አመነ። ባትሪዎች ሲያረጁ፣ ሲቀዘቅዙ ወይም ቻርጃቸው ሲቀንስ ከፍተኛ ፍላጎትን መሸከም እንደሚያቅታቸው፣ ድንገተኛ መዘጋትን ለመከላከልም በአይፎን 6፣ በ6ኤስና በኤስኢ ላይ ይህን ገደብ እንዳስገባ፣ በአይኦኤስ 11.2 ደግሞ ወደ አይፎን 7 እንዳሰፋው ገለጸ። ዲሴምበር 28 ባወጣው ግልጽ ደብዳቤ ደንበኞቹን ይቅርታ ጠየቀ፤ ሰዎች አዲስ ስልክ እንዲገዙ ለመገፋፋት ሲል የምርቱን ዕድሜ ሆን ብሎ አሳጥሮ እንደማያውቅም ተናገረ። ከዋስትና ውጭ ላሉ የአይፎን 6ና ከዚያ ወዲህ ለወጡ ሞዴሎች የባትሪ ቅያሬ ዋጋንም እስከ 2018 መጨረሻ ከ79 ወደ 29 ዶላር አወረደ።

የኩባንያው ሐሳብ ቅን ነበር ወይስ አልነበረም የሚለው ክርክር ያን ያህል የሚያራምድ አይመስለኝም፤ ከሐሳቡ ይልቅ ውጤቱን ማየት ይሻላል። ጃንዋሪ 2 ቀን 2019 ዋና ሥራ አስፈጻሚው ቲም ኩክ ገቢው ከተጠበቀው በታች መሆኑን ለባለሀብቶች ሲያሳውቅ፣ ሰዎች ስልካቸውን በአዲስ መቀየር ከቀነሱባቸው ምክንያቶች አንዱ አድርጎ የጠቀሰው በርካሽ ዋጋ የቀረበውን የባትሪ ቅያሬ ነው። ይህ ከራሱ ከኩባንያው አንደበት የተሰጠ ምስክርነት ነው። ባለቤቶቹ የችግሩን ምንጭ ካወቁና ዋጋው አቅማቸውን ካገናዘበ፣ ስልካቸውን ከመጣል ይልቅ ባትሪውን መቀየር መረጡ።

ቅጣቱና የተጨመረው ገጽ

የሕግ ሂደቱ ዓመታት ወሰደ። የጣሊያን የውድድር ባለሥልጣን በኦክቶበር 2018 አፕልን 10 ሚሊዮን ዩሮ ቀጣ፤ በዚያው ቀን ሳምሰንግንም ጋላክሲ ኖት 4 ላይ እንዲጫን ባደረገው ማሻሻያ ምክንያት 5 ሚሊዮን ዩሮ ቀጥቶታል። ፈረንሳይ በፌብሩዋሪ 2020 ተጠቃሚዎች ማሻሻያው ስልካቸውን ሊያዘገይ እንደሚችል አልተነገራቸውም በሚል 25 ሚሊዮን ዩሮ አስከፈለች። በአሜሪካ ኩባንያው ጥፋቱን ሳያምን የደንበኞችን የጋራ ክስ እስከ 500 ሚሊዮን ዶላር በሚደርስ ስምምነት፣ የ30 ከሚበልጡ ግዛቶችን ምርመራ ደግሞ በኖቬምበር 2020 በ113 ሚሊዮን ዶላር ዘጋ። ከጋራ ክሱ የሚገኘው ክፍያ ለባለቤቶቹ የደረሰው በ2024 መጀመሪያ ሲሆን፣ ለአንድ ስልክ የተከፈለው 92 ዶላር ገደማ ነበር።

ለእኔ ከቅጣቶቹ ሁሉ የሚበልጠው ውጤት ማርች 29 ቀን 2018 በአይኦኤስ 11.3 የመጣው የባትሪ ጤና ገጽ ነው። ገጹ ሁለት መረጃ ይሰጣል፤ አንደኛው ባትሪው ከመነሻው አንጻር ምን ያህል መያዝ እንደሚችል የሚያሳይ መቶኛ፣ ሁለተኛው ደግሞ ባትሪው ከፍተኛ የኃይል ፍላጎትን መሸከም ስለመቻሉ የሚናገር አጭር ጽሑፍ ነው። ስልኩ ባትሪው አቅቶት አንድ ጊዜ ከተዘጋ ይህ ጽሑፍ ይለወጣል፤ መዘጋቱ እንደተመዘገበና የፍጥነት ገደብ እንደተጣለ ይገልጽና ባለቤቱ ገደቡን እንዲያነሣ የሚያስችል ቁልፍ ያቀርባል። አንዴ ያነሣው ሰው በእጁ መልሶ ሊያስገባው አይችልም፤ ስልኩ ዳግመኛ ሲዘጋ በራሱ ይመለሳል። በ2017 ያለ ባለቤቱ ዕውቀት ይወሰን የነበረው ነገር በዚህ መልኩ ወደ ባለቤቱ እጅ ገባ።

ይህ ገጽ በእኛ ገበያ

አፕል በኢትዮጵያ የራሱ ሱቅ የለውም። ብዙው አይፎን ወደ አገር ቤት የሚገባው ከአሜሪካ ወይም ከዱባይ በዘመድና በነጋዴ ሻንጣ ሲሆን፣ አንድ ስልክ ሁለትና ሦስት ባለቤት መለዋወጡም የተለመደ ነው። ስለዚህ የባትሪ ጤና ገጹ ከየትኛውም አገር በላይ ለእኛ ገዥ ይጠቅማል። በቴሌግራም የሚለጠፍ የሽያጭ ማስታወቂያ ባትሪ ኸልዝ 88 ወይም 91 ብሎ መጻፉ፣ ገዥውም ከቀለምና ከጊጋ በፊት ይህን መጠየቁ የዚሁ ጉዳይ ፍሬ ነው።

ሆኖም ገበያው መቶኛውን ብቻ ይዞ ሁለተኛውን መረጃ ትቶታል። ከዚህ ጉዳይ እንደምንረዳው ስልኩን የሚዘጋው በዋናነት የውስጣዊ ተቃውሞ መጨመር እንጂ የመያዝ አቅም መቀነስ ብቻ አይደለም። 84 በመቶ የሚያሳይና መዘጋት ያልተመዘገበበት ስልክ፣ 86 እያሳየ የመዘጋት መልእክት ካለበት ስልክ ይሻላል። መቶኛው ራሱም ሁልጊዜ አይታመንም። ባትሪ ሲቀየር የአዲሱን መረጃ አስተካክሎ 100 እንዲያሳይ የሚያደርጉ አነስተኛ መሣሪያዎች በጥገና ገበያ አሉና፣ አራትና አምስት ዓመት ያገለገለ ስልክ 100 በመቶ ሲያሳይ ገዥው ሊጠይቅ ይገባዋል። ከአይፎን ኤክስአርና ኤክስኤስ ወዲህ ያሉት ሞዴሎች ባትሪው ኦርጅናል መሆኑ ሊረጋገጥ ካልቻለ በሴቲንግ ውስጥ ስለሚገልጹ፣ ገንዘብ ከመክፈል በፊት ስለ ስልኩ የሚናገረውን ገጽ ከፍቶ ማንበብ ያስፈልጋል። ባትሪ መቀየር በራሱ ነውር የለበትም፤ እንዲያውም ጥሩ ባትሪ የገባለት አሮጌ ስልክ ለብዙ ሰው ከአዲስ ስልክ የተሻለ ግዢ ነው። መታወቅ ያለበት ምን ዓይነት ባትሪ እንደገባ ነው።

ሌላው ከእኛ ሁኔታ ጋር የሚያያዘው ሙቀት ነው። ብርድ ባትሪውን የሚያደክመው ለጊዜው ነው፤ ደብረ ብርሃን ጠዋት የጠፋ ስልክ ሲሞቅ ይመለሳል። ሙቀት ግን የሚያደርሰው ጉዳት አይመለስም። አፕል ስልኩ ከ35 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ በሆነ ቦታ እንዳይሠራ የሚመክረው ለዚህ ነው፤ ሰመራ፣ መተማና ጋምቤላ ያለ ሰው፣ እንዲሁም በዱባይ፣ በጅዳና በኩዌት የሚኖሩ ወገኖቻችን በየአካባቢያቸው በሞቃታማዎቹ ወራት ይህን ወሰን በተደጋጋሚ ያልፋሉ። አዲስ አበባም ቢሆን ከዚህ አያመልጥም። የራይድ ሹፌር ስልኩን ከፊት መስታወት ሥር ሰክቶ፣ የቀትር ፀሐይ እየመታው፣ ካርታው ተከፍቶ፣ ስክሪኑ በሙሉ ብርሃን እየበራ፣ ያውም ቻርጅ እያደረገ ቀኑን ሙሉ ይሠራል። ሲነካ እጅ የሚያቃጥል ስልክ ውስጥ ያለ ባትሪ በዚያ ሰዓት እያረጀ ነው። መያዣውን ወደ አየር ማውጫው ማዛወር፣ ወፍራም ከቨር ማውለቅና ቻርጁን መኪናው ጥላ ውስጥ ሲቆም ማድረግ ለዚህ ሹፌር ማንኛውም ባትሪ ቆጣቢ ነን ከሚሉ መተግበሪያዎች በላይ ይጠቅመዋል።

ሁለቱን ችግሮች መለየት

ከጉዳዩ የሚወሰደው ተግባራዊ ነገር፣ ስልኩ እስከ ማታ የማያደርስ ሰው በመጀመሪያ የትኛው ችግር እንዳለበት መለየቱ ነው። ቁጥሩ ሳይዘል በፍጥነት የሚወርድ ከሆነ፣ ማለትም ከ100 ወደ 90፣ ከ90 ወደ 80 እየተከተለ ከሄደ፣ ጥፋቱ በአጠቃቀም በኩል የመሆኑ ዕድል ሰፊ ነው። ሴቲንግ ውስጥ ባትሪውን የትኛው መተግበሪያ እንደበላው የሚያሳየውን ዝርዝር መክፈት፣ የስክሪን ብርሃንን ዝቅ ማድረግ፣ ሎኬሽንን መተግበሪያው ሲከፈት ብቻ እንዲሠራ መፍቀድ፣ ኔትወርክ በሚደክምበት ሰፈር ደግሞ ስልኩ ሲግናል ፍለጋ ኃይል እንዳይጨርስ በዋይፋይ መጠቀም ወይም ለጊዜው ኤሮፕሌን ሞድ ላይ ማድረግ ያግዛል።

ቁጥሩ ከ38 ወደ 15 የሚዘል፣ ስልኩ ካሜራ ሲከፈት የሚጠፋ፣ ቻርጀር ሲሰካ ከነቁጥሩ የሚነሣ፣ ወይም ሎው ፓወር ሞድ (ኃይል መቆጠቢያው) ባይበራም እየተንቀራፈፈ የሚሠራ ከሆነ ግን ይህ የ2016ቱ አቤቱታ ነው፤ የሚፈታውም በባትሪ ቅያሬ እንጂ በሴቲንግ አይደለም። በአይፎን ይህ ሲሆን የባትሪ ጤና ገጹ ብዙ ጊዜ ያረጋግጠዋል። የሳምሰንግ ባለቤት ሳምሰንግ ሜምበርስ በተባለው መተግበሪያ ውስጥ ባለው ምርመራ የባትሪውን ሁኔታ ማየት ይችላል። እንዲህ ያለ ገጽ በሌላቸው ስልኮች የቀረው መለኪያ ራሱ የመዝለሉና የመዘጋቱ ምልክት ነው። በዚያ ጊዜ ፓወር ባንክ መግዛት ቀኑን ሊያሳልፍ ይችላል፤ ስልኩ ላይ የተጣለው የፍጥነት ገደብ ግን በእሱ አይነሣም።

የአውሮፓ ኅብረት ከጁን 20 ቀን 2025 ጀምሮ በገበያው የሚሸጡ ስማርትፎኖች ባትሪ ከ800 ዙር በኋላም ቢያንስ 80 በመቶ እንዲይዝ ያስገድዳል። አፕልም ከአይፎን 15 ጀምሮ ባትሪዎቹ ይህን የ80 በመቶ ወሰን እስከ 1,000 ዙር እንዲጠብቁ ሆነው መሠራታቸውን ገልጾ፣ የዙሩን ብዛት በሴቲንግ ውስጥ ማሳየት ጀምሯል፤ ቻርጁ 80 በመቶ ላይ እንዲቆም የሚያደርግ ምርጫም አክሎበታል። ስልኩን ሌሊቱን ሙሉ ሰክቶ የሚያድር ሰው ይህን ምርጫ ቢያበራ ባትሪው በሙሉ ቻርጅ ለሰዓታት ከመቆየት ይድናል፤ በቀን 80 በመቶ የማይበቃው ሰው ግን ሊያጠፋው ይችላል፤ ይህ ውሳኔ የባለቤቱ ነው።